የሦስተኛ ማዕረግ ወንበር

መጽሐፉን የገዛሁት በኪሎ ነው፣ ከቀፊራ፣
ከሂርሲ ሚዛን ላይ፣ ከሽንኩርቱ ጋራ።
«ሁለት ኪሎ ከሩብ። ወረቀቱ ድርቅ ያለ፣
ለሐልዋ የማይታጠፍ፣ ለሳምቡሳ ያልታደለ፤
ደግሞ ፊት በዝቶበታል።
በሰው ፊት ላይ ዘይት ማን ያንጠባጥባል?
ውሰጂልኝ» አለኝ።

የዘመኑ ሠዓልያን፣ የኅትመት ሥዕል ጠበብት፣
ከነመሯቸው፣ ከነሮለራቸው በተርታ የቆሙበት፤
ከገጽ አርባ ጀምሮ ደቻቱ ገብቶበታል፣
ቡናማ የጎርፍ መስመር በሁሉም ወገብ አልፏል።
ከመስመሩ በላይ ፊታቸው ደርቆ ይሥቃል፤
ከመስመሩ በታች እጃቸው አብጧል።

ቋንቋው ፈረንሳይኛ። አባቴ ዘንድ ወሰድሁት።
ሠላሳ ዓመት ፍሬን ይዞ ምድር ባቡር ያረጀ፣
ፈረንሳይኛው ግን ከሐዲድ ወርዶ የማያውቅ፤
«ቁም»ን ያውቃል፣ «ቀስ በል»ን፣ «ጭነት»ን፣ «ዘገየ»ን፤
የቀረውን ከሥዕሉ ይገምታል።
«እቺ ሴትዮ» አለ መነጽሩን ገፍቶ፣
«እንጨት ትፍቃለች። የፋቀችው ነጭ ይቀራል፤
ቀለም የሚይዘው ያልተነካው ነው።»
ከዚያ እጁን አየ። ገጹን ሳይገልጥ ቆየ።

እንጨት ፍለጋ ወደ አሮጌው ጋራዥ ሄድሁ፤
ለማገዶ ከተከመረው የሦስተኛ ማዕረግ ወንበር
አንድ ጣውላ ገዛሁ። አጥቤ ላሰናዳው ስል፣
ቀድመውኛል።
በጩቤ፣ በሚስማር፣ በቁልፍ ጥርስ፣
ከሚኤሶ ደወሌ መንገድ የረዘመበት ሁሉ
ስሙን ትቶበት ወርዷል፤
«ዘይቱና»፤ «ወታደር ጓንጉል፣ ፸፩»፤
ቀስት የሳተው ልብ፤
በዐረብ ፊደል ተጀምሮ ጣቢያ የደረሰበት አንድ ስም፤
«ሌባ» የሚል፣ ማን እንደሆነ ያልተጻፈ።
መሮዬን መለስሁ። ምን እጨምራለሁ?

ቀለሙ የፋኖስ ጥላሸት በተልባ ዘይት።
ማተሚያ ግን ከየት?
የመጽሐፉ ማተሚያ እንደ መርከብ መሪ ያለ ጎማ አለው፤
እኛ ሰፈር ጎማ ያለው ኢብሳ ነው፣ ባለ ባጃጁ።
ጣውላውን ከዚራ፣ ዛፍ ጥላ ሥር፣ አስፋልቱ ላይ አጋደምን፤
ወረቀት፣ ብርድ ልብስ፣ ከላይ ካርቶን።
አባቴ ከሳጥኑ አረንጓዴ ባንዲራውን አውጥቶ
ፊት ለፊት ቆመ።
«ዱስማን! ዱስማን!» አለ፤ ኢብሳ ምኑም ሳይገባው
ቀስ አለ።
«ማንን ገጫችሁ?» ትላለች አላፊ ሴት፣ እጇን አፏ ላይ ጭና።

ወረቀቱን ስገልጠው
ዘይቱና ከቀኝ ወደ ግራ ትሄዳለች፤
ያ ያላለቀው የዐረብ ስም ከግራ ወደ ቀኝ።
ሁለቱ ፊደሎች መንገድ ተለዋውጠው
መሃል ላይ ተላልፈዋል፣
እንደ ባቡር በቢኬ ጣቢያ።

መጽሐፉ መጨረሻ ላይ አንድ ሥዕል አለ፤
መስቀል በመስቀል የተጫረ ጣውላ።
ከሥሩ ያለችውን ቃል አባቴ ወዲያው አወቃት፤
«ይቺማ ሰሌዳው ላይ ነበረች። ባቡሩ ቀርቷል ማለት ነው።
አሥር አትመው ሲያበቁ እንጨቱን ይሰርዙታል።»
መሮውን ከእጄ ወስዶ ኪሱ ከተተ።
በቅጂው ግርጌ በእርሳስ «1 ከ» ብሎ ጻፈ፤
ከስንት፣ አልጻፈም።

ማታ ረስቶ ጣውላው ላይ ተቀመጠ፤ ቀለሙ አልደረቀም።
ሲነሣ ካኪ ሱሪው ላይ ዘይቱና፣ ጓንጉል፣ ልቡ፣
«ሌባ»ም ሳይቀር።
አልነገርሁትም። ኮፍያውን አድርጎ ወደ ጣቢያው ወጣ፣
ከኋላው ግማሽ ፉርጎ ሰው አሳፍሮ።