አስመሳይ

ፕሮግራሙን በአማርኛ ምን ብዬ ልጥራው?
ያልሆነውን መሆን ነው ዕድሜ ልኩን ሥራው።
«አስመሳይ» ብላት እናቴን፣ ተቆጣች ብድግ ብላ፦
«ምን ያደርጋል እቤቴ? ውጣ በለው፣ ቶሎ በላ!»

ቂርያት ያም፣ ሦስተኛ ፎቅ። ከባሕሩ በኩል
ጨው ያዘለ ነፋስ፣ ሌሊቱ ሲሆን እኩል፣
መዝጊያውን ያንኳኳል። እኔ ግን እዚህ የለሁም፤
ሰማንያ አምስት ላይ ነኝ፣ ሰፈሩን አልለመድሁም፣
ዚቫ ደጃፍ ቆሜ፣ «ግባ» እስክትለኝ
እግሬ በእግሬ ላይ ወጥቶ፣ እፍረት ሲያቃጥለኝ።

አባቷ መርከበኛ፤ ከዮኮሃማ ወደብ
አንድ ክረምት ያመጣው ጥቁር ኮምፒውተር፣ በአደብ
ጠረጴዛው ላይ ተቀምጧል።
ቁልፎቹን አየሁ፤ አንዱ «ለ»ን ይመስላል፣
አንዱ ቁርጥ «ተ»ን፤ የቀረው ግራ ያጋባል።
«ምን ይላል?» አልኳት በጣቴ።
ትከሻዋን ሰበቀች።
አታውቅም!
እዚህ አገር ከመጣሁ፣ ያን ቀን ገና
ከሌላ ሰው ጋር እኩል መሃይም ሆንኩና
ደስ አለኝ።

ካሴቱ ይጮህ ጀመር፣ ቆርቆሮ ላይ እንደ በረዶ፤
ስድስት ደቂቃ ሙሉ፣ ስክሪኑ ግን ባዶ።
ከዚያ ኮከብ፣ ከዚያ መርከብ፣ ከጥጉ ሦስት ነፍስ።
ሁለቱን ለራሷ ይዛ፣ አንዷን ለኔ ስትለግስ
እጄ ራደ። ከመጀመሪያው ግድግዳ ጋር ተላተምኩ።
ነፍስ ተበድሬ፣ በአምስት ሰከንድ ሞትኩ።

ማሽኑ የት እንደወደቀ አልሰማሁም። ዚቫም እንዲሁ።
ዛሬ ከኢንተርኔት አውርጄ ይኸው አስነሣሁ፦
ሰማያዊው ከልክ በላይ ንጹሕ፤
የጋለ አቧራ ሽታ አይገለበጥም።
«ካሴቱን ላፍጥነው?» ይለኛል። አይሆንም።
«ነፍስ ያለ ገደብ ልስጥህ?» በፍጹም።
ስድስቷን ደቂቃ ቁጭ ብዬ ልጠብቅ።

እኔንም መዝገብ ያዡ «ኤሬዝ» ብሎ ጻፈኝ፤
አርባ ዓመት ሮጥኩበት፣ ደግነቱ አልጠለፈኝ።

«ቸኮለ፣ አትተኛም?» እናቴ፣ ከጀርባዬ።
«ይኼ ነው አስመሳዩ?»
«አዎ፣ እማዬ።»
«ማንን ነው የሚመስል?»
«የሞተ ማሽን።»
ዝም ብላ ሰማች የካሴቱን ጩኸት።
ወንበር ሳበች።
«እንግዲያ ስሙን አታጥፋ፤ ተዝካር ነው በለው» አለች።

ሦስቱ ነፍስ መጣ። አንዷን ለእሷ ሰጠሁ፣
ጣቷን ይዤ ከቀስቱ ላይ አኖርሁ።
ያው የመጀመሪያው ግድግዳ።
«ሞትኩ እንዴ?»
«ሞትሽ።»
መነጽሯን አስተካከለች፦
«ታዲያ ምን ትጠብቃለህ?
ካሴቱን መልሰው።»