የኅዳግ ጽሑፍ

ደሴ አራዳ ወርጄ ከሸራ ስር አየሁ፤
የእንግሊዝን ገጠር በሃያ ብር ገዛሁ።
«ምነው ረከሰ?» ብዬ ሻጩን ብጠይቀው፣
«ተሞነጫጭሯላ! ሰው ነው ያቆሸሸው።»

የሽፋኑ ጀርባ «አበጋዝ» ይላል፤
«ቀያሽ ነበርኩ» ብሎ ቀኑን ሰርዞታል።

መጽሐፉ ይመራል፦ «ከድልድዩ ጀምር፣
የወፍጮውን ቤት እለፍ፣ ዥረቱን ተሻገር፤
የበጎቹን በር ዝጋ፣ ከኋላህ፣ አትርሳ፤
ኮረብታው ጫፍ ላይ ነው የሚበላው ምሳ።»

ከ«ድልድዩ» ጎን ላይ፣ በእርሳስ፣ «ቦርከና» ብሎ፣
ከ«ወፍጮው» አጠገብ «የሙሄ ነው፤ ቆሟል፣ ሞተሩ ተነቅሎ።»
«እኛ ጋ በር የለም፣ አጥሩ ቁልቋል ነው፤
ግን ‹ዝጋ› ማለቱ ጨዋ ሰው ቢሆን ነው።»
ዝቅ ብሎ ደግሞ፦
«እነሱ ለድንጋይ፣ ለጉቶ ስም ጽፈው፣
እኛ ጦሳን ያህል በዝምታ አለፍነው።»

ገጽ ሰማንያ ላይ ሁለቱም ይስማማሉ፤
«ዝናብ ሊመጣ ነው፣ ካፖርት ያዙ» ይላሉ።
ከዚያ ወዲያ እርሳስ የለም።

ቅዳሜ በጠዋት ወረድኩኝ ቦርከና፤
ቁልቋሉ የለም፣ ተመንጥሯልና።
በቦታው በር ቆሟል፣ የዛገ ቆርቆሮ፤
ባለቤቱ ትቶታል በሽቦ ብቻ አስሮ።
ፈታሁት። ገባሁ።
ከኋላዬ ዘጋሁ።