የሐሙስ ማታ እንግዳ

የባሌ ያክስት ልጅ፣ ታይስቶ የሚባል፣
«ጥርሴን ላስነቅል ነው፣ ሦስት ቀን ይበቃል»
ብሎን ነበር ሲመጣ፣ ጥቅምት ሊገባ ሲል።
ጥርሱ ተነቀለ፤ ድዱም ዳነ፣ ገጠመ፤
የኩዮፒዮ ሐይቅ ረጋ፣ በረዶ ለበሰ፣
እሱ ግን ከረመ።

በመጀመሪያው ሳምንት ማንኪያ አዘዋወረ፣
«ሹካ በግራ ነው» ሲል ባሌን መከረ።
ቀጥሎ ወንበሩን፣ ከዚያም መጋረጃውን፣
ከዚያም የውሻችንን፣ የኑፑን ስም ራሱን
«ለወንድ አይሆንም» ብሎ ቀየረው፤
ውሻውም ለመደ፣ ባዲሱ ሲጠሩት ነው ዞር የሚለው።

ሳውናውን እንደ ራሱ ቆስቁሶ ቆስቁሶ፣
ከኛ ቀድሞ ገብቶ፣ ከኛ ኋላ ወጥቶ፣ የባሌን ካባ ለብሶ፣
«እንጨታችሁ እርጥብ ነው!» ይለናል ተመልሶ።

በኛ አገር እንግዳ «ሂድልኝ» አይባልም፤
ሰዓት ይታያል እንጂ አፍ አይናገርም።
ይዛጋል። መብራቱ አንድ ባንድ ይጠፋል።
ታይስቶ በጨለማው ወሬውን ይቀጥላል።

ሐሙስ ሐሙስ ማታ ተከታታይ ድራማ አለ፣
አስቂኝ፤ ሰው ቤት ገብቶ እንደ ግንድ ስለተተከለ
እንግዳ። ሦስታችን ባንድ ሶፋ እናያለን፣
እሱ መሀል፣ እኛ ዳርና ዳር ተጣብቀን።
«ኧረ ይሄ ዓይን አውጣ! ቤት የለውም እንዴ?
እነሱስ ምን ነካቸው? አይሉትም ‹ሂድ› አንዴ?»
ይላል ጉልበቱን እየመታ፣ እግሩን ሰቅሎ በኔ መከዳ ላይ፣
የኔን ብስኩት እየቆረጠመ።
ሬይዮ እኔን ሲያየኝ፣ እኔ ጣራውን ሳይ፣
ታዳሚው ይስቃል ከሣጥኑ ውስጥ ሆኖ፤
የኛ ሳቅ ጉሮሮ ላይ፣ እንደ ዓሣ አጥንት ሆኖ።

በሚያዝያ፣ በረዶው ሲሰነጠቅ፣ ድራማው አለቀ።
ባልና ሚስት ቆረጡ፤ ሻንጣው በር ላይ ቆመ፤ ታዳሚ ሁሉ ሳቀ።
እንግዳው ባርኔጣውን ደፍቶ ደረጃውን ወረደ።
ሙዚቃ። ጨለማ። ስም ዝርዝሩ ሄደ።

ታይስቶ አልሳቀም።
ብስኩቱ በእጁ ላይ ሳይገመጥ ቀረ።
«ወዴት ነው የሚሄደው?» አለ። እንደ ልጅ ነበረ
ድምፁ። «ማታ እኮ ነው።»

እኔ፣ የሱን ሻንጣ ከቁም ሣጥን አውርጄ
ሦስት ጊዜ አቧራውን የጠረግሁ በእጄ፣
«በመኸር ይቀጥላል፣» አልኩት፤ «ጋዜጣው ላይ አለ።»
ጋዜጣው አላለም። ሬይዮ ዓይኑን ጨፈነ።
ታይስቶ እግሩን መልሶ መከዳው ላይ ሰቀለ፦
«እንግዲያው፣» አለ፣ «እስከዚያ ይህ ሶፋ ይለወጥ፤
ወገብ ይቆረጥማል።»