ድልድዩ ሲነሣ

ልጄ ማራናታ ቲኬት ገዝታ ሰጠችኝ፣
«አባ፣ አንድ ቀን እንኳን ሰው ይንዳህ» አለችኝ።
ሃያ ሁለት ዓመት ታክሲ የነዳሁባት፣
ጎማ የጨረስሁባት፣ ቅጣት የከፈልሁባት፣
ቺካጎን ተቀምጬ እንደ እንግዳ ላያት።

ከጠዋቱ ሦስት ሰዓት ፎቁ ላይ ተሰቀልን፤
ከአውቶቡሱ ጣራ ነፋሱ ገረፈን።
ሞተሩ ሲነሣ ጆሮዬን ጣል አድርጌ ሰማሁ፤
«ቀበቶው ላልቷልኮ» ልል አፌን ከፈትሁ።
ይመኙሻል በክርኗ ጎኔን ነካ አድርጋ፣
«ተሳፋሪ ነህ ዛሬ፤ ዝም ብለህ ተረጋጋ።»

አስጎብኚዋ ኬልሲ፣ ገና ለጋ ወጣት፣
ማይክራፎኑ ከፊቷ የሚሰፋባት፣
«ወደ ቀኝ!» ስትል አንገት ሁሉ ዞረ፤
«ወደ ግራ!» ስትል ካሜራው በረረ።
ማን እንደ ነደፈው፣ መቼ እንደ ተሠራ፣
ስንት ፎቅ እንዳለው ስትቆጥር ስትጠራ፣
እኔ የማየው ግን ሌላ ነው፤ በዚያ በር
አንዲት ሙሽራ ወጥታ፣ ጫማዋን ይዛ ስትበር፤
ገባችና «ንዳ!» አለች፤ ወዴት እንደሁ ሳታውቅ እሷም።
ሐይቁ ዳር አወረድኋት፤ ሂሳብ አልጠየቅሁም።
እዚያ ማዕዘን ላይ የወረዱ አዛውንት
ጥርሳቸውን ረስተው፣ ሦስት ቀን ስዞርበት፣
አራተኛው ቀን ላይ ሲስቁ አገኘኋቸው፤
በድድ።
ይህ ካርታው ላይ የለም።

ቀትር ላይ መናፈሻው ውስጥ ወረድንና
ያን ባቄላ የሚሉት ብረት ከበብንና
መልካችንን አየን፤ እኔ ሰፍቼ፣ እሷ ቀጥና።
ይመኙሻል ድንገት ሳቋን ለቀቀችው፤
የባቄላው ተረት ትዝ ብሏት ነው።
ኬልሲ «ንገሩኝ» ብትል፣ በየት በኩል እንተርጉመው?

ማታ አሥራ ሁለት ሰዓት ጀልባው ተቀበለን።
ነጭ የጠረጴዛ ልብስ፣ ሦስት ዓይነት ሹካ፤
ከፊታችን ባልና ሚስት፣ በቆሎ ገበሬ፣ ከኔብራስካ።
«ለከተማው አዲስ ናችሁ?» አሉ ሰውየው።
«አዎ» አልሁ። ሚስቴ ዓሣውን ቆርጣ ተወችው፤
ቀና ብላ አየችኝ። ውሸት ግን አልነበረም፤
ከዚህ፣ ከውኃው ደረጃ፣ አይቻት አላውቅም።

ኬልሲ ቀጠለች፤ «ይህ ወንዝ ድሮ ድሮ
ወደ ሐይቁ ነበር፤ ሰው አዞረው ቆፍሮ፤
ዛሬ ወደ ኋላው ይፈሳል።»
የፈሰሰ ውኃ አይታፈስም ሲባል ያደግሁ እኔ፣
ጎንበስ ብዬ አየሁት፣ በመስኮቱ በጎኔ።
ምንም አላፈረም።

ደወል ተደወለ። ከፊታችን ባለ ሸራ ጀልባዎች፣
ብርድ ሳይቀድማቸው ከሐይቅ የሚሸሹ፣ ረጃጅም ምሰሶዎች።
ድልድዩ ከመሐል ተከፍሎ ሁለት እጁን አነሣ፤
ከላይ ሰልፉ ቆመ፤ የጡሩምባ አበሳ።
ስንቴ እኔ እዚያ ላይ፣ ሰዓቱ እየበላኝ፣
«ማነው ይሄ ሥራ ፈት፣ መንገድ የሚዘጋብኝ?»
ብዬ የረገምሁት!
ያ ሥራ ፈት ለካ
እኔው ነኝ፤ ይኸውና፣ በእጄ ሹካ።

ከሰልፉ መጀመሪያ ቢጫ ታክሲ ቆሟል፤
ሾፌሩ ወጥቶ በሩን ተደግፏል፤
ከኋላው ሴትዮዋ መስተዋት ትመታለች፤
አውሮፕላን ነው መቼም፤ ሰዓቷን ታያለች።
ተነሣሁ፤ ናፕኪኑ አንገቴ ላይ እንዳለ
እጄን አወዛወዝሁ።
እሱም እጁን ሰቅሎ መልሶ ጣለ።
ሰላምታ ይሁን ስድብ፣ ከውኃው ላይ አይለይም።
እኔም እዚያ ሳለሁ ለይቼው አላውቅም።

ድልድዩ ሲገጥም ታክሲው ቀድሞ በረረ፤
የጎን ቁጥሩን ላነብ ሞከርሁ፤ ጨለማ ነበረ።
የኔብራስካው ሰው «ዘመድህ ነው?» አሉኝ።
መልስ ስፈልግ ቆየሁ።
ዞር ብል፣ ይመኙሻል
ኬኬን ጨርሳዋለች፤
ፍርፋሪ ቀርቷል።