ገጽ ሁለት መቶ ዐሥራ ሁለት

ሉዶሚር ጻፈው፣ ዐሥራ አንድ ዓመት አምሽቶ፣
በነዳጅ ማጣሪያው ጢስ አፍንጫው ሽታ ረስቶ፤
ናፍጣ ስለሚረጭበት የመርፌ ቀዳዳ፣
ስለ ፓምፑ ግፊት፣ ስለ ብርዱ ፍዳ።
የገዛው ጥቂት ነው። ጽፎ የጠየቀው የለም።

ዛሬ ጥር ነው፤ ፕዎትስክ፤ ቪስቱላ ጠጥሯል፤
የዳቦው መኪና ድልድዩ ላይ አኩርፏል።
መካኒኳ ብሮኒስዋቫ ፊልትሮውን ፈታች፣
የበግ ሞራ መሳይ ነጭ ነገር ዛቀች፤
ከመፍቻዎቿ መሐል መጽሐፍ መዘዘች፣
ሽፋኑ የተገነጠለ፣ ግሪስ የጠገበ፤
አውቶቡስ ጠባቂው ሽማግሌ ቀረበ።

«ናፍጣው አልሞተም፤ ውስጡ ሰሙ ተኛ»፣
ስታነብ ለሾፌሩ፣ ለዚያ የብርድ ቁራኛ፣
የራሱን ቃል ሰማ።
ከሥሩ ሠንጠረዥ፤ አንድ ቁጥር በእርሳስ ተሰርዟል፦
«ዘጠኝ አይደለም፣ ስድስት! ሦስቴ ለክቻለሁ።»

ስሕተቱን ያውቀዋል፤ ዐሥራ ዘጠኝ ዓመት
አንድ አንባቢ እንኳ ጽፎ እንዲወቅሰው ሲመኝ ኖረበት።

አውቶቡሱ መጣ። ሄደ።
ማንቆርቆሪያ ተቀብሎ የፈላ ውኃ አወረደላት፤
ስሙን አልነገራትም፤ ሰሙን አቀለጠላት።

ሞተሩ ሁለቴ ሳለ።