መጀመሪያ ጫፉን

ዝናቡ በቦዬ በኩል ዞሮ ሂርማታ ሲገባ
መብራት እንደ ልማዱ ሄደ፤
ላፕቶፔ ላይ ሠላሳ አንድ በመቶ ቀረኝ።
ከታች የአባ ቡልጉ መሮ ዋንዛ ሲፈለፍል ይሰማኛል፤
እሳቸው መብራት አይጠብቁም።

ሥራው ቀላል ነበር። በርጩማዎቻቸውን ፎቶ አንሥቶ
በገጽ ላይ መደርደር፣ ከግርጌ አንድ መስመር ማስመር፣
በመስመሩ ላይ ክብ ነጥብ ማኖር፦
ገዢው ገፋ ሲያደርጋት
ከሦስት መቶ ብር ተነሥታ እስከ አንድ ሺህ አምስት መቶ ትንሸራተት።
"ከዚያ በላይስ?" ብያቸው ነበር ያኔ።
"ከዚያ በላይ ማን ይገዛል፣ ረውዳ?"
ጫፉን እንደ ቃላቸው ቸነከርኩት።

ዛሬ ግን ከጓዳ አንድ ወንበር አወጡ፤
ሦስት እግሩ፣ መቀመጫው፣ መደገፊያው ከአንድ ግንድ፣
ሚስማር ያልነካው፣
ከረመዳን እስከ አረፋ የተፈለፈለ።
ወለሉን እያዩ ቆዩና
"ዘጠኝ ሺህ" አሉ፣
ብድር እንደሚጠይቅ ሰው ድምፃቸውን ዝቅ አድርገው።

ጻፍኩ። የጄኩዌሪ መስመር በዶላር ምልክት ይጀምራል፤
በትከሻዬ በኩል አጎንብሰው ያዩ ነበርና
"በዶላር ነው እንዴ የምንሸጠው?" ብለው ደነገጡ።
"አይደለም አባ፣ መጥሪያ ነው፤ አቤት የሚያሰኝ።
አንቺ ነጥብ፣ ዘጠኝ ሺህ ላይ ሂጂ ማለቴ ነው።"

ሄደች።
አንድ ሺህ አምስት መቶ ላይ ቆመች።
ቀይ ጽሑፍ የለ፣ ስሞታ የለ፤
ዘጠኝ ሺሁን ዋጥ አድርጋ
ከተቸነከረላት ጫፍ ቁጭ።
ደግሜ ላክኋት። እዚያው።
"አየሽ ልጄ" አሉ፣ "ማሽኑም እንደኔ ነው የሚያስበው።"
ወደ መሯቸው ወረዱ።

ያ ቃል ከዝናቡ ይልቅ ቆርቆሮውን መታው።
እናቴ የምረቃ ፎቶዬን ግድግዳ ላይ ሰቅላ
"እንግዲህ ደረስሽ" ያለችኝ ቀን
ስቄ ነበር። የት እንደደረስኩ አልጠየቅሁም።

ከሥር አንድ መስመር ጨመርኩ፦ ጫፉ አሥር ሺህ ይሁን።
ሆነ። መንገዱ ተለጠጠ፤
ነጥቧ ግን ያው አንድ ሺህ አምስት መቶዋን እንደታቀፈች
ከቀኝ ዳር ወደ ግራ ሸሸች፤
ሳታጎድል አነሰች።
ለካ ሰው ባለበት ቆሞም ወደ ኋላ ይቀራል፣
ሌላው ሁሉ ሲረዝም።

ባትሪ አሥራ አራት።

ጥፋቱ ቅደም ተከተሉ ነበር።
ዋጋውን አስቀድሜ፣ ጫፉን አስከትዬ፤
መጠኑን እያየች የምትቀበል ነጥብ
ገና ያልሰፋላትን እንዴት ትድረስበት?
ሁለቱን መስመሮች አቀያየርኩ፤
መጀመሪያ ጫፉን፣ ከዚያ ዋጋውን።
ዘለለች፣ ሄደች፣ ዘጠኝ ሺህ ላይ ተተከለች።

ከጎኗ ያለው አኃዝ ግን አልሰማም፤ አሁንም የድሮውን ይላል።
በእጅ ሲገፏት ትናገራለች፣
በኮድ ሲገፏት ዝም፤
እሷን ቀስቅሶ "ተናገሪ" ማለት ያስፈልጋል።
ቀሰቀስኳት።
ቸንካሩንም ነቀልኩት፤ ከእንግዲህ ጫፉ
ከዕቃዎቹ ዋጋ ይወለድ፣ ዕቃ በገባ ቁጥር ይታደስ፣
ትንሽም ትርፍ መንገድ ይኑረው።

"አባ ቡልጉ! ይምጡ!"
መጡ። እጃቸውን በሱሪያቸው ጠረጉ፣ አልጠራም።
አውራ ጣታቸውን መስታወቱ ላይ አድርገው መግፋት ጀመሩ።
ላፕቶፔ በንክኪ አይሠራም።
አልነገርኳቸውም። በሌላው እጄ ማውሱን ይዤ
ነጥቧን ከጣታቸው ጋር እኩል አስሄድኳት፤
ሺህ፣ ሁለት ሺህ፣ አምስት፣
ስምንት ላይ ትንፋሻቸው ቆመ፣
ዘጠኝ።
አለፉት።

"ይኼ ባዶውስ የማን ነው?" አሉ፣
መልስ ሳልፈልግላቸው ባትሪው አለቀ።
ሴቭ አድርጌያለሁ መሰለኝ።
ወንበሩ አልተሸጠም፤ ጅማም ዝናቧን አላቆመችም።
በጠቆረው መስታወት ላይ ግን
የዋንዛ ብናኝ ቀርቷል፣ አንድ አውራ ጣት ስፋት፣
ከግራ ወደ ቀኝ፣
እስከ ጠርዙ።