የሐዲድ ቁራጭ

ደወል አልነበረንም፤ የነበረን ብረት፣
ከባቡሩ መንገድ የተረፈ ቅሪት፣
ከኒሙ ቅርንጫፍ በሽቦ የታሰረ፣
አብዶሽ በመዶሻ ሲመታው የኖረ።
አንዴ ሲመታ ገብተን፣ ሁለቴ ሲመታ ወጥተን፣
ሦስቴ የመታው እንደሆን «ደቻቱ ሞላ!» ብለን
ደብተር በራሳችን ይዘን ወደ ፎቁ ሮጠን።

ማን መሠረተው? መቼ? የበሩን ጽሑፍ
ፀሐይ ልሳዋለች ፊደል ሳታተርፍ።
መጋላን ብትጠይቅ ማንም መልስ አይጠፋው፤
«ከጣሊያን በፊት ነው»፣ «ጣሊያን ነው የሠራው»፣
«ምን ጣሊያን! ባቡሩ ነው ይዞት የመጣው»።
አብዶሽ ግን ይስቃል፤ «አቦ፣ እኔን ስማ፤
ወገቤ ጋ ነበር ይሄ ኒም ስመጣማ።»
ቀና ብዬ አየሁ። ጫፉ አይታይም።

ፊዚክስ ያስተማረን መምህር ቢረሳው ነበር።
ቤተ ሙከራው ታሽጎ፣ ቁልፉ ከዳይሬክተር፣
ዳይሬክተሩ ስብሰባ፣ ስብሰባው ሐረር።
አንድ የግንቦት ቀትር ሐዲድ ላይ አቆመን፤
ብረትና ብረት የማይነካኩበትን
ክፍተት በጠመኔ ጠቁሞ ጠየቀን፦
«ይህች ጣት የምታህል ቦታ ለምን ቀረች?
ሠራተኛው ሰንፎ? ወይስ ተረስታ ነች?»
ላባችን ብቻ መለሰ።
«ብረት ሲሞቅ ይረዝማል፤ ቦታ ከነፈጉት
ጎብጦ ይነሳል፤ ወዮ ለሚሄድበት!»
አለና ትናንትና የተፈነካከቱትን
ሮብሌንና ደጉን አያቸው ሁለቱን።
«ስለ ሐዲድ ነው የማወራው» ብሎ ጉሮሮውን ጠረገ።

ሒሳብ በአማርኛ ሰምተን፣ በኦሮምኛ ቆጥረን፣
በሶማሊኛ ተጣልተን፣ በዐረብኛ ምለን፣
ፈተናው በእንግሊዝኛ ሲመጣ ዝም አልን።
ዝምታም ግን ያልፋል። ማትሪክ ሲለጠፍ፣
አንገት ባንገት ላይ ሲደራረብ፣ ጣት ስም ላይ ሲንሳፈፍ፣
ዘከሪያ፣ ሽርጥ እየሸጠ ታይዋን ያደገው፣
አራት ነጥብ አመጣ፤ እናቱን ብናበስራቸው
«ከመቶ?» ብለው ደነገጡ፣ እንባ ቀደማቸው።
እኔ ከላይ ወደ ታች ፈለግሁ፣ ከታች ወደ ላይ።
የወደቀ ስም አይለጠፍም ግድግዳ ላይ።
መዝገብ ቤት ተቀጠርሁ ከዚያ፤ ሠላሳ ዓመት ሙሉ
የሰው ስም ጻፍሁ። በኔ መዝገብ
ያለፉም የወደቁም እኩል ይጻፋሉ።

ሜዳ አልነበረንም። ደቻቱ ሲደርቅ
አሸዋው ሜዳ ነው፣ ጉልበት የሚያደቅቅ።
አራት ሴቶች፦ ኢፍቱ፣ ሆዳን፣ ረምላ፣ ብርቄ።
ዱላቸው ከባቡር ጋራዥ የተቆረጠ ቧንቧ፤
ሆዳን ድሪያዋን ቋጥራ ከወገቧ፣
ኢፍቱ በወንድሟ ጫማ፣ ጨርቅ ጠቅጥቃበት።
ሐረር ላይ፣ ፍጻሜው፣ ብርዱ ሲቆነጥጥ፣
ረምላ ዱላውን ዘርግታ፣ ብርቄ ቀድማ ልታመልጥ፣
ቢረሳው ካጥሩ ጮኸ፦ «ክፍተቷን! ክፍተቷን ጠብቂ!»
ጠበቀች። ምን ያህል? አንዲት ጣት።
በዚያችው ጣት አሸነፉ፤ በደረት፣ ለጥቂት።
ዋንጫው? ጠመኔ ነው ዛሬ የምናኖርበት።

ያ ክፉ ሌሊት ደግሞ፣ ውኃው ግንብ ጥሶ ሲገባ፣
አብዶሽ ሦስቴ መታ፤ ሦስቴ፤ ሦስቴ፤ እስኪነጋ።
መዝገቡን ከጭቃ አወጣሁ፤ ቀለሙ ፈስሶ ሄዶ
ገጹ ሁሉ ሰማያዊ፣ ስም በስም ተዋሕዶ።
ያስታወስሁትን እኔ ጻፍሁ፣ የረሳሁትን አብዶሽ
በአባት፣ በአያት፣ በሰፈር፣ በቅጽል ስም ነገረኝ፦
«ያ፣ አጥር የሚዘለው! ያቺ፣ ሁሌ የምታረፍደው!»
እሱ የሞተው በዚያው ዓመት ነው።

አሁን የኤሌክትሪክ ደወል አለን፤ እንደ ፍየል የሚጮህ።
ሽቦውን ኒሙ ውጦታል፤ ብረቱን ለሚያየው
ከቅርንጫፉ የበቀለ፣ ያልበሰለ ፍሬ ነው።
ነገ ከጠዋት ጀምሮ መብራት የለም ተብሏል።
መዶሻው ከበሩ ጀርባ አለ።